አርባ ሁለት ቁጥር

ደጊቱ ከመሞቷ በፊት ልጇን የለመነችው አንድ ነገር ብቻ ነበር፤ ስትሞት ሽታዬ እንድታለቅስላት። የቀረው፣ መገነዙም ሳጥኑም ፍታቱም፣ ለቄሶቹና ለእድሩ የተተወ ነው። የሽታዬ ነገር ግን በደጊቱ ልጅ በዓለምነው እጅ ነበር፤ ያበላሸው እሱ ነውና።

ሽታዬን በአዲስ ቅዳም ከተማ ዙሪያ የማያውቃት የለም። ሙሾ አውራጅ ናት። ያንኑ ግጥም እያገላበጡ ለሟች ሁሉ እንደሚያለብሱት አልቃሾች አልነበረችም። ለቅሶ ቤት ስትገባ መጀመሪያ ዝም ብላ ትቀመጥና ቤቱን ታያለች፤ የሟቹ ዱላ የት ጥግ እንደቆመ፣ ኮፍያው የቱ ምስማር ላይ እንደተንጠለጠለ፣ የሚቀመጥባት ዱካ በየት በኩል እንደተበላች። ከዚያ ትነሣና ሁለት ስንኝ ትጥላለች፤ አንዳንዴ በአገውኛ፣ አንዳንዴ በአማርኛ። ሟቹም ከነአመሉ መጥቶ ሜዳው መሐል የቆመ ይመስላል። እሷ ያላለቀሰችለት ሰው በደንብ የተቀበረ አይመስልም ነበር።

ደጊቱና ሽታዬ ከዘንገና ሐይቅ ማዶ የአንድ መንደር ልጆች ናቸው፤ በአንድ ዓመት ተድረው ወጡ። ገና ሙሽሮች ሳሉ ምንጭ ዳር ተማምለዋል። «እኔ ከቀደምሁ አንቺ ታለቅሽልኛለሽ» ብላታለች ደጊቱ፤ «አንቺ ከቀደምሽ ግን እኔ ድምፅ የለኝም፤ ደረቴን እመታልሻለሁ፣ ያንኑ ቁጠሪልኝ።» እየተሳሳቁ የተማማሉት ነገር ዕድሜ ሲገፋ ቁም ነገር ሆነ።

ዓለምነው ባጃጅ ይነዳል። ሰው የሚያውቀው ግን በአፉ ነው። የሰው ድምፅ አንዴ ከሰማ የራሱ ያደርገዋል። የቀበሌው ሊቀመንበር ስብሰባ ሲከፍት፣ ቄሱ ቅዳሴ መሐል ሳል ሲይዛቸው፣ የከሰል ደላላው በስልክ ሲዋሽ፤ ዓይኑን ሳይቀር ያመጣዋል። የተመሰለበት ሰው ራሱ አጠገቡ ቆሞ ይስቃል፤ ምን ያድርግ፣ ካልሳቀ ደግሞ ነገ አኩራፊነቱ ይመሰልበታል።

ይህ ነገር ሲጀምረው ለጨዋታ አልነበረም። አባቱ እጀ ፈጣን ሰው ነበር፤ ጠጥቶ ሲገባ ቀበቶውን የሚፈታው ደጃፍ ላይ ነው። አንድ ማምሻ ቀበቶው ወደ ላይ እንደተነሣ፣ የሰባት ዓመቱ ዓለምነው ከፍርሃቱ የተነሣ የጎረቤታቸውን ሽማግሌ ሳል ሳለ። አባትዬው ደነገጠ፣ ከዚያ ሳቀ፣ ከሳቁም የተነሣ እጁ ዛለ። እናቱም ከጓዳ ሆና ሳቀች። ከዚያ ቀን ወዲህ ዓለምነው የሰው ፊት ሲከብድበት እጁ ወደ ሳቅ ይሄዳል፤ ሌላ መንገድ አልተማረም።

እንግዲህ የሽታዬ ልጅ ትዕዛዙ፣ በሁለት ሺህ ስድስት መስከረም ላይ ከጓደኞቹ ጋር ለሰሊጥ አጨዳ ወደ መተማ ወረደ። ኅዳር ላይ ደወለላት። «ለጥምቀት እመጣለሁ። ነጭ ሸራ ጫማ ግዢና ጠብቂኝ፤ አርባ ሁለት ቁጥር» አላት። ሽታዬ ቅዳሜ ገበያ ወርዳ ገዛች። ማንበብ አትችልምና ቁጥሩን ለሦስት ሰው አሳይታ አረጋገጠች፤ ነጋዴውን ብቻ ማመን አልሆነላትም። ታኅሣሥ ሲገባ አብረውት የወረዱት ልጆች ተመለሱ፤ ትዕዛዙን ወባ ገድሎት እዚያው ቀብረውት ነበር።

ሬሳ ባይኖርም ለቅሶው ተለቀሰ። የአጎቱ ፈረስ ተጭኖ፣ የትዕዛዙ ኮት በኮርቻው ላይ ተደርጎ፣ ሰው ክብ ሠርቶ ሜዳው ላይ ቆመ። ሽታዬ ለሌላው ስታለቅስ ድምፅዋ አይንቀጠቀጥም ነበር። ያን ቀን ሁለቱን ጫማ በሁለት እጇ ይዛ ወጣችና እንዲህ አለች፦

«አርባ ሁለት ነው ቁጥሬ ብለኸኝ በስልክ፣
ይኸው ገዛሁልህ፣ እግርህን ብትልክ።»

«እግርህን» ላይ ስትደርስ ድምፅዋ ተሰነጠቀና እንደ ጫጩት ሲጥ አለ። ቃሉን ለመጨረስ ሦስት ጊዜ ሞከረች። በዚያ ሜዳ ያላለቀሰ ሰው አልነበረም፤ ዓለምነውም አልቅሷል። ይህ እንዳይረሳ፤ ከልቡ አልቅሷል።

ደጊቱ ከለቅሶው ከተመለሰች በኋላ ሁለት ቀን እህል አልቀመሰችም። ፊቷን ወደ ግድግዳ አዙራ ተኛች። በሦስተኛው ቀን ጧት ዓለምነው ቤቱ ከበደው። የእናቱን ነጠላ ራሱ ላይ ጣለ፣ የገዛ ጫማውን በሁለት እጁ አነሣ፣ ቤቱ መሐል ቆመና ሽታዬን አመጣት። ያቺን ሲጥታ እንኳ አልሳታትም፤ እንዲያውም ጨመረላት፣ «እግርህን» ላይ አምስቴ ተንተባተበ። ደጊቱ ዞር ብላ አየችው። መጀመሪያ ተቆጣች፣ ከዚያ ከንፈሯ ተንቀጠቀጠ፣ ከዚያ ጎኗን ይዛ እንባዋ እስኪወርድ ሳቀች። ወዲያው ደግሞ በነጠላዋ ጫፍ አፏን ከደነች።

«ጥርስ ባዳ ነው» አለች። «ነውር ነው፣ ዓለሜ። ሁለተኛ እንዳትደግመው።»

ያን ዕለት ገንፎ በላች። ዓለምነው ሳቁን ይዞ ማስጠንቀቂያውን እዚያው ጥሎ ወጣ።

ዓብይ ጾም ሳይገባ የጓደኛው የደሴ ሠርግ ሆነ። ዳሱ ጢም ብሏል፣ ጠላው ወርዷል፣ ሰው ዓለምነውን ይጠይቃል። ሊቀመንበሩን አደረገላቸው፤ የለመዱት ነው፣ ቀዝቀዝ አሉበት። የቄሱን ሳል አደረገ፤ ጥቂት ሳቁ። ሲያስቅ የኖረ ሰው ሳቅ ሲቀንስበት የሚሰማውን ነገር ያላየው አያውቀውም። ጎንበስ ብሎ የሙሽራውን ጫማ ከእግሩ አወለቀና ሁለቱን በሁለት እጁ ይዞ ቆመ። «አርባ ሁለት ነው ቁጥሬ» ሲል ዳሱ ሊፈርስ ደረሰ። ከዚያ ሰው ውስጥ ከአንድ ወር በፊት ሜዳው ላይ ያለቀሰው ስንቱ ነበር፤ እሱም ሳቀ። ደሴ በስልኩ ቀረጸው።

ገበያው ዳር የውብአየሁ የሙዚቃ ቤት አለ፤ ሚሞሪ ካርድ ይዞ ለሄደ ዘፈን ይጭናል። ውብአየሁ ያንን ቅጂ ከደሴ በብሉቱዝ ተቀብሎ በዘፈኖቹ መሐል ለሁሉም በነጻ ጨመረው። ከአፍ የወጣ አፋፍ ይባል የለ፤ በሁለት ሳምንት እንጅባራ ደረሰ፣ በወሩ ዳንግላ ተሰማ። ጫማ ሻጮች «አርባ ሁለት ቁጥር!» እያሉ ጠሩበት። ባጃጅ ሞልቶ አንድ ሰው ሲጨመር ነጂዎቹ «እግርህን ብትልክ» ማለት ጀመሩ። አባባሉ ከየት እንደመጣ የማያውቀው ሰው ከሚያውቀው በለጠ።

ሽታዬ የሰማችው ባጃጅ ውስጥ ነው፤ የዓለምነው ባጃጅ እንኳ አይደለም። ወደ ገበያ ተሳፍራ ስትሄድ ነጂው ቴፑን ከፈተ። የራሷን ሙሾ ሰማች፣ በስተኋላው የሰው ሳቅ ሰማች። እስከ መጨረሻው አዳመጠች።

«ይሄ ማነው?» አለችው።

«ዓለምነው ነው፣ እናቴ። አንዷን አልቃሽ ሲያስመስል ነው። አልሰሙትም ኖሯል?»

ወረደች፣ ሒሳቧን ከፈለች፣ ገበያ ሳትገባ በእግሯ ወደ ቤቷ ተመለሰች። ከዚያ በኋላ በተጠራችበት ለቅሶ ከኋላ መቀመጥ ጀመረች። ተነሺ ሲሏት ጉሮሮዬን አሞኛል ትላለች። ቆይታም መምጣቱን ተወችው። ሰው ድምፅዋ ነጠፈ አለ። ማን አነጠፈው ብሎ የጠየቀ የለም፤ መልሱ በየሰው ኪስ ውስጥ ነበርና።

ደጊቱ ልታጽናናት ሄዳ ነበር። ሽታዬ አስገባቻት፣ ዱካ አቀረበችላት፣ አንድ ነገር ብቻ ጠየቀቻት። «አንቺ ስትሰሚው ሳቅሽ?» ደጊቱ ለመዋሸት አፏን ከፈተች፤ ግን አርባ ዓመት የምታውቃት ሴት ናት። «ሳቅሁ» አለች። ሽታዬ ራሷን ነቀነቀች። ከዚያ ወዲያ አልተያዩም።

ሁለት ዓመት አለፈ። በሁለት ሺህ ስምንት መጋቢት ላይ ደጊቱ ሆዷን ታማ ሆስፒታል ገባች፤ ሐኪሞቹም ቤቷ ሄዳ እንድታርፍ ለልጇ ነገሩት። የሚያርፍ ሰው ምን ማለት እንደሆነ ዓለምነው ገብቶታል። ያን ጊዜ ነው እናቱ ይህን ታሪክ ሁሉ የነገረችው። እስከዚያ ሽታዬ ለምን እንደማትመጣ አልጠየቀም ነበር።

«ሂድና ይቅርታ ጠይቅልኝ» አለችው። «የአንተን ብቻ አይደለም፤ የእኔንም ነው። ሳቁ የእኔ ቤት ተጀምሮ ነው የወጣ። እሷ ካላለቀሰችኝ ዝም ብዬ እንደ ውሻ መቀበሬ ነው።»

ዓለምነው በማግስቱ ሄደ። የሽታዬ ቤት ከከተማው ወጣ ብሎ ለከሰል ከሚተከለው የዲከረንስ ዛፍ ጫካ ጀርባ ነው፤ የከሰሉ ጭስ ከዛፎቹ ሥር እየተሳበ ደጃፏ ድረስ ይመጣል። በመንገዱ ላይ የሚናገረውን አጠና። በራሱ ድምፅ ሲለማመድ ቃሉ ቀሰስተኛ ሆኖ ተሰማው። በሌላ ሰው ድምፅ ቢሆን ኖሮ ይቀለው ነበር።

በሩን የከፈተችለት የሽታዬ ልጅ ፋና ናት፤ ከወንድሟ ሞት በኋላ ትዳሯን ትታ እናቷ ዘንድ የገባች። ሽታዬ ሰፌድ ይዛ ምስር ትለቅማለች። ቀና ብላ አየችው፣ በእጇ ዱካ አመለከተችው። ተቀመጠ። ከተቀመጠ በኋላ ቀና ሲል፣ ግድግዳው ላይ ከምስማር የተንጠለጠለ ነገር አየ። ነጩ ጫማ ነው፤ አቧራ እንዳይነካው በፌስታል ተጠቅልሏል።

ምስሩ ሰፌዱ ላይ ይንኮሻኮሻል። ፋና በሩን ተደግፋ ቆማለች። ዓለምነው «እትዬ ሽታዬ» አለና ያጠናው ሁሉ ጠፋው። ዝምታው እየወፈረ መጣ፤ ያ የድሮው ቀበቶ የተነሣ መሰለው፤ እጁም እንደ ልማዱ ወደ ሳቅ ሄደ።

«አይስጉ፣ የእኔ እግር አርባ አንድ ነው» አለ፣ ወደ ጫማው እያየ። «አልወስደውም።»

ሳይጨርሰው ነው የተጸጸተው። ግን ጨረሰው።

ፋና ወደ እሱ አንድ እርምጃ ተራመደች። «ውጣ» አለችው።

ሽታዬ ምስሯን መልቀም አላቋረጠችም። «እናትህ እንዴት ናት?» አለች።

«ታማለች።»

«እግዜር ይማራት።»

ወደ ሰፌዷ አጎነበሰች። ዓለምነው ወጣ። ከጫካው ዳር ቆሞ ግንባሩን ከዛፉ ጋር አጋጨ፤ ራሱን ሰደበ፣ ጠላ፣ ተፀየፈ። እናም ቤት ሲደርስ እናቱ ቀና ብላ በዓይኗ ስትጠይቀው፣ «ይቅር ብላለች» አላት። «እመጣለሁ ብላለች። እንዲያውም አልቅሳለች።» ይባስ ብሎም ውሸቱን እንድታምነው በሽታዬ ድምፅ፣ «ደጌን እኔ ሳላለቅሳት ማን ያለቅሳታል» አለላት። ደጊቱ ዓይኗን ጨፈነች። «ተመስገን» አለች። «አሁን አልፈራም።»

በሁለት ሳምንቷ ማክሰኞ ጧት ሞተች። ፊቷ ላይ ጭንቀት አልነበረባትም፤ ይህንን ያዩ ጎረቤቶች ሁሉ መስክረዋል።

የእድሩ ጥሩምባ ገና ሲነፋ ዓለምነው ቤቱን ለሴቶቹ ትቶ ወጣ። የተነገረው ውሸት ከቀብሩ በፊት እውነት መሆን አለበት። ከመንገድ ዳር ጠፍጣፋ ድንጋይ አነሣና ማጅራቱ ላይ ተሸከመ። በዚያ አገር የበደለ ሰው የተበደለው ደጅ ድንጋይ ተሸክሞ ይቆማል፤ ተበዳዩ አውርደው እስኪለው ድረስ አያወርደውም። ዓለምነው ይህን ልማድ ብዙ ጊዜ አስመስሎት ያውቃል፤ ሽማግሌ ሲያስታርቅ የሚያሳይበት አንድ ጨዋታ ነበረው።

መንገዱ ላይ ከሰል የጫኑ ጋሪዎች አገኙት። ጋሪ ነጂዎቹ ቆሙለት።

«ዛሬ ደግሞ ማንን ነው የምታሳየን?» አለ አንዱ።

«እናቴ ሞታለች» አላቸው።

ሁለቱ ሳቁ። ሦስተኛው ግን ፊቱን አየውና፣ «ዝም በሉ፣ የእውነቱን ይሆናል» አለ። ይሆናል ነው ያለው። ዓለምነው አንገቱን ደፍቶ አለፋቸው።

ሽታዬ ጥሩምባውን ሰምታ ኖሮ ደጃፏ ላይ ቆማ ነበር። ዓለምነው ፊቷ ተንበረከከ። በዚህ ጊዜ አፉን አላመነውም፤ አጭር አጭሩን ተናገረ።

«ደጊቱ ሞታለች። ይቅር ብለሽኛል ብያት ነበር። ትመጫለሽ ብያት ነበር። ዋሽቻት ነው።» እርስዎ ማለት እንኳ ጠፍቶታል።

«አምናህ ነበር?» አለች ሽታዬ።

«አምናኛለች።»

«ይቅር ብላኛለች ብላ ነው የሞተች?»

«ተመስገን ብላ ነው የሞተች።»

ዓለምነው በድንጋዩ ሥር አንገቱ ይንቀጠቀጣል። ፋና ከውስጥ «እማ፣ እንዳትሄጂ» ስትል ተሰማ።

«ድንጋዩን አውርደው» አለች ሽታዬ በመጨረሻ። «የምመጣው ለአንተ አይደለም። ደጌ አምና ከሞተች እኔ አላሳፍራትም።»

ጥቁር ነጠላዋን ለብሳ መጣች። ለቅሶ ቤት ገብታ እንደ ድሮዋ ዝም ብላ ተቀመጠችና ቤቱን አየች። ሴቶቹ አዩዋትና ተጠቃቀሱ፤ ደስ ያላቸውም ነበሩ፣ ሽታዬ ልታለቅስ ነው ብለው። ግድግዳው ላይ ከተሰቀለው የደጊቱ ነጠላ ጫፍ ላይ አንዲት ትንሽ የዛገች ቁልፍ ታስራ አየች። ያቺ ቁልፍ የደጊቱ የሙሽርነት ሳጥን ቁልፍ ነበረች፤ ሳጥኑ ከተሸጠ ሠላሳ ዓመት አልፎታል፣ ባልዬው ነው ለመጠጥ የሸጠው። ደጊቱ ግን ቁልፏን ሳትፈታ ኖረች። ሽታዬ ቁልፏን በጣቷ ነካ አደረገቻትና ተነሣች።

ቀብሩ ላይ ሰው ብዙ ነበር። የሬሳ ሳጥኑ ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ውጭ ሜዳው ላይ ዐረፈ፤ ወንዶቹ በአንድ ወገን፣ ሴቶቹ በሌላው፣ ባጃጅ ነጂዎቹ ከኋላ። ደሴም ውብአየሁም ነበሩ። ሽታዬ ወደ መሐል ወጣች። ሁለት ዓመት ያልተሰማ ድምፅ ነውና ሁሉም ዝም አለ። ዓለምነው ከሳጥኑ ሁለት እርምጃ ርቆ ቆሟል። የእናቱ ልመና ሊፈጸም ነው፤ ደረቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀለል አለው።

ሽታዬ እጇን ከፍ አድርጋ ጀመረች፦

«ቁልፉን ይዘሽ ኖርሽ፣ ሳጥንሽ ጠፍቶብሽ፣»

«ጠፍቶብሽ» ላይ ድምፅዋ ተሰነጠቀ። ሁለት ዓመት ያልሠራ ጉሮሮ ነው፣ የምታለቅሰውም ለገዛ ባልንጀራዋ ነው፤ ሲጥ አለ። ልክ እንደዚያን ጊዜው።

ከኋላ አንድ ሰው በአፍንጫው ሳቀ። ሌላው ሳቁን ሊያፍን ሲሞክር ባሰበት። አንዱ በቀስታ «አርባ ሁለት» አለ፤ ክፉ ሰው ሆኖ አይደለም፣ አፉ አመለጠው። ነገሩ ከኋላ ወደ ፊት እንደ ጉንፋን ተዛመተ። ወንዶቹ በጋቢያቸው አፋቸውን ከደኑ፣ ሴቶቹ አንገታቸውን ደፉ፣ ትከሻቸው ግን ይንቀጠቀጣል። ለቅሶ ነው እንዳይባል ዓይናቸው ደረቅ ነው። ሽታዬን አልነበረም የሰሟት። ሁለት ዓመት ሙሉ በየባጃጁ የሰሙት ዓለምነውን ነበር፤ እሷ የእሱ አስመሳይ ሆና ቀርታለች።

ዓለምነው «ዝም በሉ» ብሎ ሊጮህ አሰበ። ያን ጊዜ ግን የገዛ ከንፈሩ ጫፍ ወደ ላይ ሲሳብ ተሰማው። እናቱ ሳጥን ውስጥ ተኝታ፣ ልቡ ተቃጥሎ፣ ከንፈሩ ይሳባል። ጥርሱን ነክሶ ያዘው። ሲይዘው ሽታዬ አየችው።

አልተቆጣችም። እጇን አወረደች። ሁለተኛውን ስንኝ ለሜዳው አልሰጠችውም። ቀስ ብላ ወደ ሳጥኑ ሄደች፣ ተንበረከከች፣ የደጊቱ ራስ ባለበት በኩል አፏን ከእንጨቱ ጋር አገጣጠመች። ከንፈሯ ሲንቀሳቀስ ታየ። ረጅም ጊዜ ነው። ግጥሙንም ጨርሳ ይሆናል፣ ይቅርታም ተጠያይቀው ይሆናል፤ በአገውኛ ይሁን በአማርኛ ማን ያውቃል። ዓለምነው ጆሮውን አቀና፤ በሕይወቱ እንደዚያ ቀን ለመስማት ጓጉቶ አያውቅም። ሁለት እርምጃ ነው መሐላቸው ያለው። አንድም ቃል አልደረሰውም።

ተነሣች፣ ጉልበቷን አራገፈች፣ በሰው መሐል አልፋ ሄደች። ሰው መንገድ ለቀቀላት። አሁን የሚስቅ አልነበረም፤ አሁንማ ሁሉም መሬት መሬቱን ያያል፣ ምን ይጠቅማል። ቄሱ ጥቂት ጠብቀው ሳጥኑ ይነሣ አሉ። ደጊቱ ያለ ሙሾ ጉድጓድ ገባች፤ የተሰማው የአካፋ ድምፅ ብቻ ነበር።

ዓለምነው ከሰልስቱ በኋላ ውብአየሁ ዘንድ ሄዶ ቅጂውን አጥፋልኝ አለው። ውብአየሁም እያፈረ አጠፋለት። «ከእኔ ዘንድ ጠፋ» አለው፤ «ከሌላው ግን ምን ላድርግህ?» ደሴም አጠፋ። በዚያኑ ቀን ገበያው መሐል አንድ ጫማ ሻጭ፣ ከሌላ አገር የመጣ፣ ሙሾውንም ሽታዬንም የማያውቅ፣ «አርባ ሁለት ቁጥር፣ እግርህን ብትልክ!» እያለ ይጣራል።

ከዚያ ወዲህ ዓለምነው ማስመሰል ተወ። ሰው ሲጠይቀው አሞኛል ይላል፣ ጉሮሮዬን። ሊቀመንበሩንም ሳሉንም ረስቷል። አንድ ነገር ብቻ አልተወውም። ባጃጁን እየነዳ ሳለ ሳያስበው ያ ስንኝ ይመጣበታል። በሽታዬ ድምፅ፣ ከነስንጥቃቱ፣ «ቁልፉን ይዘሽ ኖርሽ፣ ሳጥንሽ ጠፍቶብሽ» ይላል፤ ከዚያም ሁለተኛው እንዲመጣለት ዝም ብሎ ይጠብቃል። ድምፅዋን ሙሉ በሙሉ ያውቀዋል። ቃሉን ግን አያውቀውም፤ የእናቱ ሙሾ ግማሹ ከእናቱ ጋር ተቀብሯል።

በሰኔ አንድ ከሰዓት፣ ዝናብ ሲጀምር፣ ከአዲስ ቅዳም ወጥቶ ወደ ገጠሩ መንገድ ሲታጠፍ እንዲሁ መጣበት። የመጀመሪያውን ስንኝ አለና ጠበቀ። ዓይኑ እንባ ሞላ፣ መንገዱ ደበዘዘበት።

ከኋላ የተቀመጠው ተሳፋሪ ሰምቶት ኖሯል። በሳቅ ፈነዳና ትከሻውን መታ አደረገው።

«ስለ እናትህ» አለው፣ «እስቲ ድገማት።»